የልጄ ጨርቅ ቆላ ሲወርድ

ሰው ልጅ ሲወለድለት "ደስታዬን የምገልጽበት ቃላት አጣሁ" ይላል። እኔ ቃላትስ ነበሩኝ፤ ያጣሁት ጨርቅ ነው። "ልጅ ሲመጣ መጀመሪያ የሚጠፋው እንቅልፍ ነው" ብለው የመከሩኝን ወዳጆቼን እግዜር ይይላቸው። እንቅልፍ እኮ ስብሰባ ላይም ይገኛል። ደረቅ ጨርቅ ግን በጥቅምት ወር እንጅባራ ላይ ተፈልጎ አይገኝም።

እንጅባራን ለማያውቅ ሰው ልንገረው። የእኛ አገር ዝናብ፣ "በሉ ደህና ዋሉ" ብሎ ከተነሣ በኋላ በሩ ላይ ቆሞ ሌላ ወሬ የሚጀምር እንግዳ ነው። መስከረም ሲጠባ ይሰናበታል። ከዚያ የረሳው ነገር እንዳለ ሁሉ ይመለሳል። እሱ ሲሄድ ጉሙ ይተካል። ሰኞ ያሰጣችሁት ሸሚዝ ዓርብ ስታወርዱት ከሰኞው ይበልጥ ይከብዳል። እኔ ራሴ አንድ ካልሲ አለኝ፤ ከሠርጌ ማግሥት ጀምሮ እየደረቀ ነው።

ሥራዬ ጂኦግራፊ ማስተማር ነው። ይህን የምነግራችሁ ለጉራ አይደለም። ጥፋቱ ሁሉ የጀመረው ከዚያ ስለሆነ ነው። "ከፍታ በቀነሰ ቁጥር ሙቀት ይጨምራል" የምትለውን ዓረፍተ ነገር ስንት ዓመት ሙሉ ጥቁር ሰሌዳ ላይ ስጽፋት አንድ ቀን ዞራ ጉድ እንደምትሠራኝ አላወቅኩም ነበር።

ባለቤቴ ይታይሽ የበኩር ልጃችንን የወለደችው ቀኑ ሳይደርስ ነው። ማሙሽ ቸኩሎ መጣ። (ክርስትና እስኪነሣ ድረስ ሁላችንም ማሙሽ ነበር የምንለው።) ሲመዘን ሁለት ኪሎ ከሁለት መቶ ሆነ። እኔ ከገበያ የምገዛው ድንች እንኳ ከዚያ ይበልጥ ነበር። እጁ አውራ ጣቴን መጨበጥ አቅቶት ጫፏን ብቻ ይዞ ሲያየኝ፣ ደስታና ፍርሃት አንድ ላይ ያዙኝ።

ጤና ጣቢያው ውስጥ አንዲት ሲስተር ነበረች፤ ንግግሯ አጭር፣ ትዕዛዟ የማይዛነፍ። ከመውጣታችን በፊት ምክሯን ስትሰጠን የትምህርት ዝግጅት ደብተሬን አውጥቼ መጻፍ ጀመርኩ። አንደኛ፦ ልጁ ልብሱን አውልቆ ከእናቱ ደረት ጋር ቆዳ ለቆዳ ይጣበቅ፣ ከላይ ይሸፈን። ሁለተኛ፦ ቶሎ ቶሎ ይጥባ። ሦስተኛ፦ ደረቅ ይሁን፣ ሙቅ ይሁን። ሌላም ሌላም አለ፤ ሰባት ነጥብ ሞላሁ። ተማሪዎቼ እንዲህ ቢጽፉልኝ ኖሮ ሁሉም አንደኛ ይወጡ ነበር።

"የሚቀጥለው ሰኞ አምጡትና እንመዝነዋለን" አለች ሲስተሯ። "ካልጨመረ ሪፈር እጽፍላችኋለሁ፤ ወደ ትልቁ ሆስፒታል ሄዶ ይተኛል።"

ይታይሽ ልጁን ጠበቅ አድርጋ ያዘችው። እኔም ከዚያች ደቂቃ ጀምሮ በዓለም ላይ ያለ ሰኞ ሁሉ አንድ ሰኞ ሆነብኝ።

ቤት ስንደርስ አማቴ እማማ ጠጅቱ ከዘንገና አካባቢ ካለው አገራቸው መጥተው ይጠብቁን ነበር። እማማ ጠጅቱ ደግ ሰው ናቸው። ሲደሰቱ በአማርኛ ይመርቃሉ፣ ሲናደዱ ወደ አዊኛ ይገባሉ። እኔ የዳንግላ ከተማ ልጅ ስለሆንኩ አዊኛዬ ከሰላምታ አያልፍም፤ ግን ወሬው ስለ እኔ መሆኑን በደንብ አውቃለሁ። ደብተሬን ገልጬ አንደኛውን ነጥብ ሳነብላቸው አፋቸውን ይዘው ቀሩ።

"ራቁቱን? በዚህ ብርድ?" አሉ። "ኧረ በማርያም! ልጄ፣ እንኳን የወፍ ጫጩት የመሰለ ሕፃን፣ ድንጋይም በእንጅባራ ብርድ ራቁቱን አያድር!"

ቀጥሎ በአዊኛ ረዘም ያለ ነገር ተናገሩ። አማት የተቃወመችውን ነጥብ የሚያስፈጽም አማች ገና አልተወለደም። እስክሪብቶዬን አወጣሁና አንደኛውን ነጥብ በትሕትና ሰረዝኩት።

እናም ማሙሽ ተጠቀለለ። ስስ ጨርቅ፣ በላዩ ወፍራም ጨርቅ፣ በላዩ ሹራብ፣ በላዩ የሹራቡ ታላቅ ወንድም፣ በላዩ ፎጣ፣ በላዩ ብርድ ልብስ። ልጄን ለማየት እንደ ቀይ ሽንኩርት መላጥ ነበረብኝ፤ እውነትም ሳየው ዓይኔ እንባ ያቀርር ነበር። ችግሩ፣ ማሙሽ ሲሸና ስድስቱንም አርሶ ነው። ሁለት ኪሎ ከምናምን የሆነ ፍጡር ያን ሁሉ ውኃ ከየት እንደሚያመጣው ሳይንስ አልደረሰበትም። የዘንገና ሐይቅ ወንዝ ሲገባበት ሳይታይ ዓመቱን ሙሉ ሞልቶ ይገኛል፤ የአማቴ አገር ነገር ለልጅ ልጃቸውም ተርፏል አልኩ በልቤ።

ዳይፐር ሞከርን። በሁለተኛው ቀን ቂጡ ቲማቲም መሰለ። እማማ ጠጅቱ ዳይፐሩን በሁለት ጣት አንጠልጥለው ወደ ቆሻሻው ወሰዱትና "ፕላስቲክ ለችግኝ ነው" ብለው ፋይሉን ዘጉት። ስለዚህ የሽንት ጨርቅ፣ ስለዚህ እጥበት፣ ስለዚህ ማድረቅ። ማጥባቱ የይታይሽ፣ ማጠቡ የእማማ ጠጅቱ ሆነ። እኔም የማድረቅ ክፍል ኃላፊ ሆኜ ተሾምኩ። በሕይወቴ ያገኘሁት የመጀመሪያ ሹመት ይህ ነው።

ሥራዬን በከሰል ጀመርኩ። ሲስተሯ ልጁ ካለበት ክፍል ከሰል እንዳይገባ አስጠንቅቃ ስለነበር ማድ ቤት ገባሁ። ምድጃው ላይ የቀርቀሃ ቅርጫት ደፋሁ፣ ቅርጫቱ ላይ ጨርቆቹን ደረደርኩ፣ አጠገቡ በርጩማ ላይ ተቀመጥኩ። ሙቀት ደስ ይላል። ደስ ሲል ሰው ያንቀላፋል። ስነቃ ሦስት ጨርቅና ግማሽ ቅርጫት አልነበሩም። የተረፉት ጨርቆች ደርቀው ነበር፣ ይመስገነው። ግን ማሙሽ ለሁለት ቀን ቋንጣ ቋንጣ ሸተተ። ሊጠይቁን የመጡ ጎረቤቶች "እንኳን ማርያም ማረችሽ" ካሉ በኋላ አፍንጫቸውን ቀና እያደረጉ ወደ ማድ ቤቱ ያዩ ነበር።

በካውያ ሞከርኩ። እኔ ካውያውን ስሰካ መብራት ይሄዳል፣ ስነቅል ይመጣል። አጋጣሚ ነው ብዬ አራት ጊዜ ደጋገምኩት። በአራተኛው ጊዜ ጎረቤት በአጥር በኩል "አንተ መምህር፣ እባክህ ተወው፤ እኛም ሽሮ እናብስልበት!" አለኝ።

ከዚያ የባጃጁ ሐሳብ መጣ። አያሌው የሚባል ባለ ባጃጅ ጎረቤት አለን፤ ቀኑን ሙሉ ከተማውን ሲዞር ይውላል። ነፋስ እኮ ልብስ ያደርቃል! ለመንኩት፣ እሱም ለልጅ ብሎ እሺ አለ። በባጃጁ ግራና ቀኝ ዐሥር ነጫጭ ጨርቅ አስረን ሸኘሁት። ባጃጁ እየተውለበለበ ሲሄድ የሠርግ መስሏቸው እልል ያሉ ሴቶች ነበሩ አሉ። ማታ ሲመለስ ግን ነጭ የነበረው ሁሉ ጭቃ ለብሶ የገበሬ ቁምጣ መስሏል። አያሌው ራሱን እያከከ "መምህር፣ ደርቀውስ ነበር፤ ኩሬው ነው ያበላሸው" አለኝ። ከእጅ አይሻል ዶማ የሚባለው ለእንደኔ ዓይነቱ ነው። እማማ ጠጅቱ ጨርቆቹን ተቀብለው ሳፋው ውስጥ ሲጨምሩ አዊኛ ብቻ ነበር የሚሰማው።

እስካሁን የምትስቁ ከሆነ ሳቁ። ዓርብ ዕለት ግን እኔ አልሳቅኩም። ማሙሽ ቀን ላይ ጡት አልይዝ አለ። ጥቂት ይስብና ይተኛል። እግሩን ብነካው ቀዝቅዟል። ይታይሽ ሁለቱን እግሮች በመዳፎቿ ውስጥ ይዛ ትንፋሿን እፍ፣ እፍ ትልባቸው ነበር።

"ሰኞ ያስተኙብኛል" አለችኝ ሳታየኝ።

ፈራሁ። እንደዚያን ቀን ፈርቼ አላውቅም። ሰው ሲፈራ አንዱ ይጸልያል፣ አንዱ ሐኪም ይጠይቃል፤ እኔ ካርታ ዘረጋሁ። የሚፈለገው ደረቅና ሙቅ ነው። ደረቅና ሙቅ ያለው የት ነው? ቆላ። ቅርቡ ቆላ የት ነው? ጫግኒ። ከፍታ በቀነሰ ቁጥር...

"ነገ ቅዳሜ ጨርቁን ሁሉ ይዤ ጫግኒ እወርድና አድርቄ እመለሳለሁ" አልኩ።

ይታይሽ በሳምንቱ ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ ፈገግ አለች። የቀልድ መስሏት ነው። ለካ ባሏን ገና አታውቀውም።

ቅዳሜ ጠዋት እማማ ጠጅቱ ቤተ ክርስቲያን ተሳልመው ለመምጣት ወጥተዋል። ይታይሽና ማሙሽ ተኝተዋል። ድምፅ ሳላሰማ ከገመድ፣ ከወንበር፣ ከበር ጫፍ፣ ከሳፋ እየለቀምኩ ሁለት ማዳበሪያ ሞላሁ። በመጨረሻ አልጋው ግርጌ የታጠፉ አራት ጨርቆች አየሁ። ዳሰስኳቸው፤ ቀዘቀዙኝ። "እነዚህም እርጥብ ናቸው" አልኩና ጨመርኳቸው።

እንጅባራ ላይ ያደገ ሰው እዚህ ጋ ስህተቴን አውቆታል። እኛ ዘንድ ደረቅ ጨርቅም በጠዋት ሲነካ ይቀዘቅዛል። ቅዝቃዜና እርጥበት መንትዮች ናቸው፤ እናታቸው ብቻ ነች የምትለያቸው። አራቱ ጨርቆች እማማ ጠጅቱ ሌሊቱን በገላቸው አሙቀው ያደረቋቸው፣ ቤቱ ውስጥ የቀሩ ብቸኛ ደረቅ ጨርቆች ነበሩ። የቸኮለች አፍሳ ለቀመች ይባላል። እኔ አፍስሼ ይዤው ሄድኩ።

ሚኒባሱ ውስጥ ማዳበሪያዎቹን እግሬ ሥር አድርጌ ተቀመጥኩ። ጥቂት እንደሄድን የልጄ ሽታ መኪናውን መሙላት ጀመረ። አጠገቤ የተቀመጡ ሽማግሌ አፍንጫቸውን በጋቢያቸው ጫፍ ያዝ አድርገው ማዳበሪያውን አዩት።

"ድንች ነው፣ ልጄ?"

"አይደለም አባባ።"

"ኧረ ድንችስ እንዲህ አይሸትም። ታዲያ ምንድን ነው?"

"የሕፃን የሽንት ጨርቅ ነው፤ ጫግኒ ወስጄ ላደርቀው ነው።"

ሾፌሩ በመስታወቱ አየኝ። ከኋላ አንድ ሰው ሳቁን በሳል ሊሸፍን ሲሞክር ሌላው አላስቻለውም፤ ከዚያ ሁሉም ሳቁ። ሽማግሌው ግን ጋቢያቸውን ከአፍንጫቸው አውርደው እጃቸውን ማዳበሪያው ላይ ጫኑ።

"አይዞህ። እኔም የበኩሬ ጊዜ አብጄ ነበር" አሉ። "ያሳድግልህ። ለወግ ለማዕረግ ያብቃልህ።"

ሲስቁ የነበሩት ሁሉ "አሜን" አሉ። እኔም አሜን አልኩ።

ጫግኒ ስደርስ ፀሐይ አገኘሁ። እውነተኛ ፀሐይ! ማዳበሪያዎቹን ተሸክሜ ላቤ እየወረደ ስሄድ አንድ ግቢ ውስጥ ከሁለት የማንጎ ዛፎች መካከል የተወጠረ ረጅም ገመድ በአጥር በኩል አየሁ። የሰው ሚስት፣ የሰው ቤት፣ የሰው በሬ አትመኝ ተብሏል፤ የሰው ገመድ ግን ስሙ አልተጠራም። በሩን አንኳኳሁ። ወደ ሃምሳው የሚጠጉ፣ ሻሽ ያሰሩ ሴት ወጡ። ሐዋ ይባላሉ። በሕፃንነታቸው ከወሎ በሰፈራ ከቤተሰባቸው ጋር የመጡ ናቸው፤ አሁን በርበሬ ያመርታሉ።

"እትዬ፣ ይቅርታ፣ ገመድዎን ለጥቂት ሰዓት ያውሱኝ።"

"ገመዱን? ምን ልታደርግበት?"

"የልጄን ጨርቅ ላሰጣበት።"

"ቤትህ ወዴት ነው?"

"እንጅባራ።"

"ልጁስ?"

"እሱም እንጅባራ ነው።"

እትዬ ሐዋ ማዳበሪያዎቹን አዩ፣ እኔን አዩ፣ ወደ እንጅባራ አቅጣጫ አዩ።

"ያረቢ! ልጁ ደጋ፣ ጨርቁ ቆላ?" አሉና ደጃፉ ላይ ቁጭ ብለው እስኪበቃቸው ሳቁ። ከዚያ እንባቸውን ጠርገው ተነሡ። "ግባ፣ የኔ ጌታ፣ ግባ። ገመዱም ያንተ፣ ፀሐዩም የአላህ።"

እሳቸው ለመስገድ ወደ ቤት ሲገቡ እኔ ማሰጣት ጀመርኩ። ገመዱ ሞላ፤ ዐሥራ አንድ ጨርቅ ተረፈኝ። ግቢው አንድ ዳር ላይ የእትዬ ሐዋ በርበሬ በሸራ ላይ ተሰጥቶ ይቀላል። ከአጠገቡ ደግሞ ባዶ ሰሌን ተነጥፏል፤ ሰፊ፣ ፀሐይ የጋለበት፣ ለጨርቅ የተሠራ የሚመስል። ዐሥራ አንዱን ጨርቅ በሥርዓት ዘረጋሁበት። አንዴ ገለበጥኳቸው። ላቤ ዓይኔ ውስጥ ሲገባብኝ ደግሞ አንዱን አነሣሁና ፊቴን ጠረግኩ።

ሰሌኑ እስከዚያን ዕለት ጠዋት ድረስ በርበሬ ተሰጥቶበት እንደነበረ ያወቅሁት በዓይኔ ነው። በሁለቱም ዓይኔ።

እትዬ ሐዋ ሰግደው ሲወጡ እኔ በግቢው መሃል እጆቼን ዘርግቼ እየተሽከረከርኩ አለቅስ ነበር።

"ምነው? ልጁ ናፈቀህ?" አሉ በሐዘኔታ። ከዚያ ሰሌኑን አዩ። "አንተ ሰው! የልጅህን ቂጥ ልትጠብስ ነው እንዴ?"

ውኃ አምጥተው ፊቴን አጠቡኝ። ቀጥለው ሳፋ አወጡ፣ ሳሙና አወጡ፣ እጅጌያቸውን ሰበሰቡ። ብናኙ ነፍሶ ነክቶት ይሆናል ብለው የገመዱንም አልማሩትም። ሁሉንም አወረድንና እንደገና ማጠብ ጀመርን። እኔ ጨርቅ ላደርቅ አገር አቋርጬ መጥቼ፣ እኩለ ቀን ላይ ይዤ ከመጣሁት ይበልጥ እርጥብ ጨርቅ ነበረኝ። ከመጠምጠም መማር ይቅደም ብለው አበው የተናገሩት ለካ ተምሮም የሚሳሳት ሰው እንዳለ ሳያውቁ ነው።

በሦስተኛው ማለቅለቅ ላይ ስልኬ ጮኸ። ይታይሽ ነች።

"የት ነህ? አራቱን ደረቅ ጨርቆችም ወስደሃቸዋል እንዴ? ማሙሽ ያለበትን አረጠበው፣ የምንቀይርለት የለም፤ አሁን ራቁቱን..."

ኔትወርኩ ተቋረጠ። ደጋግሜ ደወልኩ፣ አልሠራም። "ራቁቱን" የምትለው ቃል ጆሮዬ ውስጥ ቀረች። በዚያ ብርድ፣ ያ እግር፣ ያ ትንሽ እጅ። ሳፋው ጠርዝ ላይ ተቀመጥኩ። ለእትዬ ሐዋ የሆነውን ስነግራቸው ያኔ ግን አልሳቁም።

"አብሽር" አሉኝ። "እናት አለችው አይደል? አያት አለችው አይደል? እነሱ ካሉ ልጅ አይበርደውም። ቶሎ ቶሎ ጭመቅ።"

ጨምቀን አሰጣን። ፀሐዩ ለአንድ ሰዓት ያህል አገለገለን። ጨርቆቹ ጠፈፍ ማለት ሲጀምሩ ከወደ ምዕራብ ጥቁር ደመና ተነሣ። ያኔ ነው ሌላኛው የራሴ ትምህርት ትዝ ያለኝ፦ ቆላው ይሞቃል እንጂ በዚህ ወር ዝናብ አይመጣበትም ያለ የለም። ተማሪዎቼ ቢያዩኝ ዜሮ ይሰጡኝ ነበር።

የመጀመሪያዎቹ ጠብታዎች ሲወርዱ ሁለታችንም ሮጥን። እኔ ወደ በርበሬው ሮጥኩ። የሰው ድካም ነው፤ የዓመት ጉርስ ነው፤ ሴትዮዋ ሲረዱኝ ውለው እንዴት ጥያቸው ጨርቅ እለቅማለሁ? ዞር ስል እትዬ ሐዋ በርበሬያቸውን ትተው የልጄን ጨርቅ ከገመድ እየነጠቁ በጉያቸው ይሸጉጣሉ።

"እትዬ፣ በርበሬው!" ብዬ ጮኽኩ።

"በርበሬስ ነገ ይደርቃል! ልጅ ነገን አይጠብቅም!" አሉ ሳይቆሙ።

ጨርቁን ቤት አግብተው ተመልሰው ሸራውን አብረን ስንጎትት፣ ከበርበሬው ገሚሱ ረጥቦ ነበር። አፈርኩ። የማላውቃቸው ሰው፣ ለማያዩት ልጅ። ይቅርታ ልጠይቅ አፌን ስከፍት አልሰሙኝም፤ ወደ ውስጥ ገብተው ከሳጥን ሥር አንድ አሮጌ የጥጥ ጨርቅ ይዘው ወጡ። ከመታጠብ ብዛት የሳሳ፣ የለሰለሰ፣ ደረቅ ያለ ጨርቅ ነበር።

"ሰባት ልጅ ያሳደግሁበት ነው" አሉ። "ሌላው ባይደርቅልህም ይቺን ይዘህለት ግባ። ሂድ አሁን፣ መኪናው ሳያመልጥህ።"

ጨርቁን በሸሚዜ ውስጥ፣ በደረቴ ላይ አደረግሁት። ሁለቱ ማዳበሪያዎች ገና እርጥብ ናቸው። መንገዱን ሁሉ ሚኒባሱ ዳገቱን በወጣ ቁጥር ብርዱ እየጨመረ ሲመጣ ይሰማኛል። በየኩርባው ከፍታ ሲጨምር ሙቀት ይቀንሳል፣ ሲጨምር ይቀንሳል እያልኩ ስሳቀቅ መጣሁ። ትምህርቴን የዚያን ዕለትን ያህል ጠልቼው አላውቅም።

ገና ሳይመሽ ደረስኩ። በሩ ላይ የጎረቤት ሴቶች ጫማ ተደርድሯል። ጫማ ለደስታም ለመርዶም ያው ይደረደራል። ማዳበሪያዎቹን ጭቃው ላይ ጥዬ ገባሁ። ይታይሽ አልጋው ላይ ደገፍ ብላ ጋቢ እስከ አንገቷ ለብሳለች። ማሙሽ በእቅፏ የለም። አልጋውም ላይ የለም።

"ልጁ የት አለ?" ብዬ ጮኽኩ።

"ቀስ በል!" አለችኝ፤ ጋቢውን ትንሽ ገለጥ አደረገች።

ማሙሽ እዚያ ነበር። ያ ሁሉ ሹራብ፣ ያ ሁሉ ፎጣ የለም። ራቁቱን፣ ጉንጩን ከእናቱ ደረት ላይ አጣብቆ፣ እንደ እንቁራሪት እግሮቹን ሰብስቦ ተኝቷል። ግንባሩን ነካሁት። ወዝቷል። ልጄ እንጅባራ ላይ፣ በጥቅምት፣ አልቦታል!

ይታይሽ ነገረችኝ። ጎረቤቶች እየሮጡ ጨርቅ አምጥተውላቸዋል፤ ግን የእንጅባራ ጨርቅ ነው፣ የሁሉም ቤት እርጥብ ነው። ልጁ እየቀዘቀዘ ሲመጣ ያቺ የሲስተሯ አንደኛ ነጥብ ትዝ አለቻት። ሌላ ምርጫ ስላልነበረ እማማ ጠጅቱም እሺ አሉ። ልጁን ደረቷ ላይ አደረጉት፣ በጋቢ ሸፈኑት። ጥቂት ቆይቶ መሞቅ ጀመረ። ሲሞቅ ነቃ። ሲነቃ ጡቱን ፈለገ።

"ከዚያ ወዲህ ሲጠባ ነው የዋለው" አሉ እማማ ጠጅቱ። "እህል የራበው አራሽ ይመስል!" ከዚያ ወደ እኔ ዞረው በአዊኛ አንድ ነገር ጨመሩ፤ ሴቶቹ ሁሉ በሳቅ ወደቁ። ምን እንዳሉ እስከ ዛሬ የነገረኝ ሰው የለም። ግን እጃቸው ራሴን ዳበሰኝ።

የእትዬ ሐዋን ጨርቅ ከደረቴ አውጥቼ ለይታይሽ ሰጠኋት። ሰባት ልጅ ያሳደገ መሆኑን፣ በርበሬውን፣ ዝናቡን ነገርኳት። ስትዳብሰው ቆየችና በልጁ ጀርባ ላይ፣ ከጋቢው ሥር አደረገችው። "የእኛ ስምንተኛ ነዋ" አለች።

ሰኞ ማሙሽ ተመዘነ። ሲስተሯ ሚዛኑን አየች፣ ካርዱን አየች፣ እንደገና ሚዛኑን አየች። ሰማንያ ግራም ጨምሯል። ሰማንያ ግራም ማለት አንዲት ትንሽ ድንች ናት፤ ገበያ ላይ ከመዘኑላችሁ በኋላ በምርቃት ጣል የሚያደርጉላችሁ ዓይነት። እኔ ግን ያቺን ሰማንያ ግራም በአንድ ኩንታል አልለውጣትም።

"ጎበዝ! ምን አደረጋችሁ?" አለች ሲስተሯ።

"አስተማሪው ጨርቁን ሁሉ ይዞብን ጠፋ" አሉ እማማ ጠጅቱ። "እግዜር ይስጠው።"

ሲስተሯ ነገሩ ሲገባት ልትቆጣን አሰበች፣ ግን ሳቁ ቀደማት። ደብተሬን ተቀብላ የሰረዝኩትን አንደኛ ነጥብ በራሷ እስክሪብቶ መልሳ ጻፈችው። ከሥሩም አሰመረችበት። "አባትም ተራ ይገባል" አለችኝ። "እናት ብቻ አልወለደችውም።"

ለእትዬ ሐዋ በማግሥቱ ጫግኒ በሚወርድ ሚኒባስ ድንች ላክሁ፤ ከእንጅባራ የሚላክ ደህና ነገር ቢኖር እሱ ነው። ሾፌሩ ያው የቅዳሜው ሾፌር ነበር። ማዳበሪያውን ሲያይ ወደ ኋላ ሸሸ፤ ከፍቼ ድንቹን እስካሳየው ድረስ አልጫነውም። እሳቸውም ማዳበሪያውን ባዶ አልመለሱትም፤ በርበሬ ነበረበት። "ያልረጠበው ነው፤ ከልጁ ግን አርቀው" የሚል መልእክት አብሮት መጣ።

ተራዬ ግን የደረሰው በዚያው ሰኞ ከሰዓት በኋላ ነው። ውጭ ያው ዝናብ ነው። ሸሚዜን አወለቅኩ። እማማ ጠጅቱ እንዲህ ያለ አማች አይቼ አላውቅም ብለው ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዞሩ። ይታይሽ ማሙሽን አንሥታ ደረቴ ላይ አስተኛችልኝ፣ ጋቢውን አለበሰችን።

መጀመሪያ ክብደቱ አልተሰማኝም። ከዚያ ትንፋሹ ተሰማኝ። ከዚያ ልቡ፤ ከእኔ ልብ ሁለት እጥፍ እየፈጠነ፣ የሚቸኩልበት ነገር እንዳለው ሁሉ። እኔ ሁለት ማዳበሪያ ተሸክሜ፣ ስንት ዳገትና ቁልቁለት ተጉዤ የፈለግሁት ቆላ እዚህ፣ በእኔና በእሱ መካከል ነበር። "ተመስገን" አልኩ፤ ጮክ ብዬ ነው ያልኩት መሰለኝ፣ እማማ ጠጅቱ ከግድግዳው በኩል "አሜን" አሉኝ።

አሜኑ ሳያልቅ ከደረቴ እስከ ሆዴ ድረስ ሌላ ሙቀት ሲወርድ ተሰማኝ። የዘንገና ሐይቅ ገነፈለ። ይታይሽ ጋቢው ሲርስ አይታ ብድግ አለች።

"ጨርቅ ላምጣልህ?"

ማሙሽ ዓይኑን አልከፈተም። ጉንጩን አመቻችቶ እንደገና ተኛ።

"ተይው" አልኳት። "ይደርቃል።"